የኢስዛንቾ አማቾች

ኢስዛንቾ ጠላውን ቀመሰችና «ደርሷል» ብላ ክዳኑን መለሰች። አምስት ማሰሮ ሙሉ የበቆሎ ጠላ ነው። የበቆሎ ጠላ ደግሞ ሰው አይጠብቅም፤ ዛሬ ከደረሰ ከነገ ወዲያ ይሆመጥጣል።

የሚጠጣው ነገ ጎህ ሲቀድ ነበር። የበኩር ልጇ ልጅ ለአቅመ ሔዋን ስለደረሰች በዓሏ ነው፤ ፀሐይ ስትወጣ ትጨፍራለች። ዘመዶች ከነጭ ተራራ ወርደው ሂላ ወንዝ ዳር ሰፍረዋል። አራቱ ልጆቿ ለበዓሉ የሚተከለውን ግንድ ሊቆርጡ ጫካ ገብተዋል። የኢስዛንቾ ድርሻ ጠላው ነበር።

ጠላ ደግሞ ነጭ ወታደሮች አፓቼዎችን ባሰፈሩበት በሳን ካርሎስ ክልክል ነው። የተገኘባት ሴት ማሰሮዋ ይሰበራል፣ እሷም አሥር ቀን ትታሰራለች። አያቷ እስር ቤት ሆና ልጅቷ ብትጨፍር ምኑ በዓል ይባላል?

በካፒቴኑ ሥር ከሚያገለግሉት አፓቼ ፖሊሶች ትንሹ ቱግላይ ትናንት ወንዝ ላይ አግኝቷት ነበር። በሙጫ የተለቀለቀች የውኃ ቅርጫቷን እያሸከማት «አክስቴ፣ ካፒቴኑ ነገ ጎጆ ለጎጆ ሊፈትሽ ነው» አላት።

«ይምጣ» አለችው።

ይምጣ ማለት ቀላል ነው። ማሰሮውን መቅበር ይቻላል፤ የጠላ ሽታ ግን አይቀበርም።

ረፋዱ ላይ መጡ። ካፒቴኑ ከፊት፣ አስተርጓሚው አንሴልሞ ከጎኑ፣ ሦስት ፖሊሶች ከኋላ። ከሁሉም ኋላ የካፒቴኑ ሚስት ጋሪ ላይ ጃንጥላ ዘርግታ ተቀምጣለች። ካገሯ ከመጣች ሳምንቷ ነው፤ አካባቢውን ልታይ ነው የወጣችው።

ካፒቴኑ ራሱም ቢሆን አዲስ ነው። ሰውን የሚለየው እያንዳንዱ አፓቼ አንገቱ ላይ በሚያንጠለጥለው የቆርቆሮ ቁጥር ነው። ነገር ግን ስለ አፓቼ ልማድ የተጻፈ መጽሐፍ ይዞ መጥቷል፤ በዚህም በጣም ይኮራል።

ኢስዛንቾን ያስፈራት ግን እሱ አልነበረም። ያስፈራት ሃምሳ አለቃ ናልዴ ነው። ናልዴ አምና የገዛ አክስቱን ጠላ ደፍቷል። ሲስቅ ያየው ሰው የለም።

«ግባና ፈትሽ» አለው ካፒቴኑ ቱግላይን።

ቱግላይ ከፈረሱ ወርዶ ሁለት እርምጃ ሄደ። ከዚያ ኢስዛንቾን በሩ ላይ ሲያያት ባርኔጣውን ፊቱ ላይ ደፍቶ «አማቴ! አማቴ!» እያለ ወደ ቁጥቋጦው ሮጠ።

«አማቱን ያየ ሰው ዓይኑ ይጠፋል» አለ አንሴልሞ።

«አውቃለሁ» አለ ካፒቴኑ። መጽሐፉ ላይ አለ።

ኢስዛንቾም እንደ ደንቡ ሻሿን ስባ ጀርባዋን ሰጠች።

«እሺ፣ አንተ ግባ።»

ሁለተኛው ፖሊስ ሀስኬልታ ከፈረሱም አልወረደም። ፈረሱን አዞረና «ይቅርታ ካፒቴን፣ ታናሽየዋን ያገባኋት እኔ ነኝ» አለ።

«ሴትዮዋ ስንት ሴት ልጅ ነው ያላት?»

አንሴልሞ ጠየቃት። ኢስዛንቾ ዞር ሳትል አራት ጣቷን አወጣች።

ናልዴ ብቻ ቀረ። ቀስ ብሎ ወረደ። አፍንጫውን ሲስብ ተሰማት፤ ሽታው ደርሶታል። ጫማው አፈሩን እያንኮሻኮሸ ከኋላዋ ቀረበ። ጫማው ቆመ።

«ምን ትጠብቃለህ?» አለ ካፒቴኑ።

ናልዴ ባርኔጣውን አወለቀ፣ ፊቱን ሸፈነበት፣ ከፈረሱ ጀርባ ሄዶ ቁጢጥ አለ።

«ትልቅየዋን» አለ ከባርኔጣው ውስጥ።

የካፒቴኑ ፊት በርበሬ መሰለ። «እኔ የማንንም ልጅ አላገባሁም! ራሴ እገባለሁ!» ብሎ ዘሎ ወረደ።

አሁን ኢስዛንቾ ዞረች። ካፒቴኑን ከራስ ፀጉሩ እስከ ጫማው አየችው።

«አንሴልሞ፣ እንዲህ ብለህ ንገረው። ባሏ የሞተባት ሴት ጎጆ በጠራራ ፀሐይ፣ ሰው እያየው የገባ ወንድ አገባት ማለት ነው። ሰባት ዓመት ብቻዬን ተኝቻለሁ። ይግባ። ብቻ ያንኮራፋል ወይ?»

አንሴልሞ አፍጥጦ አያት። «እማማ፣ ይሄ ደግሞ ከመቼ ጀምሮ ነው ልማዳችን?»

«ካሁን ጀምሮ። ንገረው!»

ነገረው። ካፒቴኑ አንድ እግሩን እንዳነሳ ቀረ። እንዲህ ያለ ነገር መጽሐፉ ላይ አላየም። መጽሐፉን ደግሞ እስከ መጨረሻው አላነበበውም።

«ሴትዮዋ ምንድን ነው የምትለው?» አለች ሚስቱ ከጋሪው ላይ።

«ምንም! ምንም አይደል! ስለ ሙቀቱ ነው» አለና ፈረሱ ላይ ወጣ።

«ምግብም እሠራለሁ በለው!» ብላ ጮኸች ኢስዛንቾ። ካፒቴኑ ግን ርቋል።

ከሁሉ በኋላ የተነሳው ናልዴ ነው። ባርኔጣውን ከፊቱ ሳያነሳ፣ ፈረሱን እየጎተተ አጠገቧ ሲደርስ ቀስ ብሎ «ላክስቴ አንድ ቅል ያስቀምጡላት። ካምና ጀምሮ አታናግረኝም» አለ።

ኢስዛንቾ ሳል ብቻ አለች።

ካፒቴኑ ቢሮው እንደተመለሰ መዝገቡን አወጣና «ሦስቱም ፖሊሶቼ የዚያች ሴት አማቾች ሆነው ተገኝተዋል፤ ለእሷ ጎጆ ዝምድና የሌለው ፖሊስ ይቀጠርልኝ» ብሎ ጻፈ።

ኢስዛንቾ የወለደችው አራት ወንድ ነው።