አረንጓዴው መብራት

«መስመሩን ዝጋልኝ፣ ልጄ» አሉ እናትየው፣ የኢንተርኔቱን ሳጥን ከነዳንቴሉ የቴሌ ቢሮው ባንኮኒ ላይ አስቀምጠው።

«ምነው እማማ፣ አስቸገረዎት?»

«እሱ ምን አደረገኝ! በምስል የሚደውልልኝ ልጄ ዐረፈ።»

«እግዜር ያጥናዎት» አለ ሠራተኛው አንገቱን ደፍቶ። ዕቃ ሳይሞከር አይረከብምና ገመዱን ሰካው። ቀዩ መብራት ጥቂት ብልጭ ድርግም ሲል ቆየና አረንጓዴው በራ።

ይሄኔ የእናትየው እጅ ሳያስቡት ወደ ራሳቸው ሄደ። ሻሻቸውን አስተካከሉ፤ ልጃቸው «ከስተሻል» እንዳይላቸው ሁልጊዜ እንደሚያደርጉት ጉንጫቸውን አሸት አሸት አድርገው ፈገግ አሉ። ከፊታቸው የቆመው ግን ሠራተኛው ነበር። ፈገግታው መግቢያ አጥቶ እዚያው ፊታቸው ላይ ቀረ።

«በል ንቀለው» አሉ ቀስ ብለው። «ቤትም የነቀለችልኝ ጎረቤቴ ናት። እኔንማ እጄ እምቢ አለኝ።»