በሩን የምታይ መርከብ

ኪቪራና የምትባል የባሕር ዳር መንደር ሰዎች የቤተ ክርስቲያናቸውን ታሪክ በቄሶች ስም አይቆጥሩም፤ በተሰበሩ መርከቦች እንጂ። መሠዊያው የተሠራው ከአንዱ ስባሪ ነው፤ ወንበሮቹ ከሌላው፤ የደወሉ ማማ ደረጃ ደግሞ የአያቶች አያት ካዩት ማዕበል የተረፈ ነው። ባሕሩ እንጨቱን ሁልጊዜ ይመልሳል። ሰዉን ግን ደስ ሲለው ብቻ።

ከጣሪያው ላይ ትንንሽ የእንጨት መርከቦች ተንጠልጥለዋል። ልጁ ባሕር የወጣበት ቤት አንዷን ጠርቦ ይሰቅላል። እስኪመለስ ድረስ አፍንጫዋ ወደ በሩ ነው፤ የተመለሰ ዕለት ወደ መሠዊያው ትዞራለች። የሰው መርከብ መንካት ነውር ነው።

የማሬት ልጅ የካረል መርከብ በሩን ስታይ ዐሥር ዓመት አልፏታል።

ሊሄድ ሲል እናቱ ጓንት ሠርታለት ነበር። ሰማያዊው ክር አለቀባትና የግራውን አውራ ጣት በቀይ ጨረሰችው። ካረል እጁን እያወዛወዘ፣ «እማዬ፣ ጣቴን ቆርጠሽ ላክሽኝ!» ብሎ እየሳቀ ወጣ።

አንድ እሑድ ማሬት ቦታዋ ተቀምጣ ቀና ስትል መርከቧ መሠዊያውን ታያለች።

አንገቷን ወደ በሩ አዞረች፤ ስብከቱ እስኪያልቅም ዓይኗን አልነቀለችም። ማንም አልገባም።

ሕዝቡ ሲበተን ደወል ደዋዩን ማዲስን ያዘችው።

«አንተ! ይሄ የአንተ እጅ ነው?»

«እኔ? እትዬ ማሬት፣ ይሄ ጉልበት መሰላል የሚወጣ ይመስልሻል?»

«መጠጥ ቤት ሲሆን ይሮጣል አይደል!»

«አዲሱን ቄስ ጠይቂ። ‹እነዚህ መርከቦች ዝብርቅርቅ ብለዋል› ሲል በጆሮዬ ሰምቻለሁ።»

ቄሱ ገና ጢሙ ያልጠና የከተማ ልጅ ነበር። «እኔ አልነካሁም፣ እናቴ» አለ። «ግን ምናልባት ጊዜው ደርሶ ከሆነ…»

«ጊዜውን ባሕሩ ያውቃል! እርስዎ ትናንት የመጡ፣ ዓሣውን ከነአጥንቱ የሚበሉ!»

ረጅሙን የሻማ ማጥፊያ ዘንግ አነሣችና መርከቧን ገፍታ ወደ በሩ መለሰቻት።

ቤት ስትገባ ባሏ ቴኒስ እንደተኛ ነው። ሳንባው ከታመመ ከርሟል፤ በዋዜማው፣ ቅዳሜ ዕለት ብቻ ምርኩዙን ይዞ ወጥቶ፣ ዓይኑ ቀልቶ ተመልሶ፣ «ነፋሱ ነው» ብሎ ነበር። የሆነውን ሁሉ ነገረችው።

«ተያት፣ ማሬት» አለ። «እንደ ዞረች ተያት። ደክሟታል።»

«አንተ ልጅህን በልብህ ቀብረኸዋል!»

ቴኒስ ፊቱን ወደ ግድግዳው መለሰ። «እኔን ከመርከበኛው ጎን ቅበሪኝ» አላት።

መርከበኛው ስሙም አገሩም የማይታወቅ፣ በሰሜኑ ግንብ ሥር የተቀበረ ሰው ነው። በአንድ የመከር ማዕበል ማግስት ዳር ላይ ያገኘው ቴኒስ ነበር፤ ዓሣ ፊቱን በልቶት ስለነበር ሴት አታየውም ብሎ ብቻውን ገንዞ አመጣው። ከዚያ ወዲህ፣ አልጋ ላይ እስኪውል ድረስ፣ በየእሑዱ መቃብሩ ላይ ይቆም ነበር። ማሬት ይሄን ስታይ ያንገሸግሻት ነበር፤ ለባዕድ ልጅ የሚያለቅስ፣ ለራሱ ልጅ እንባ ያጣ!

«የአባትህ መቃብር እያለ ከመንገደኛ ጎን?»

«ብቻውን ነው።»

ከዚያ በኋላ አላናገረችውም። ሾርባውን አጠገቡ ታስቀምጥና ትወጣለች። ሐሙስ ጧት ሾርባው ሳይነካ ቀዝቅዞ አገኘችው፤ ቴኒስም እንደዚያው።

ማዲስ አካፋውን ይዞ በሩ ላይ ቆመ። «ግንቡ ሥር ልቆፍር? ለእኔም ነግሮኛል፣ እትዬ።»

«ከአባቱ ጎን ቆፍር። እሱ ለእንግዳ ኖረ፤ እንግዲህ ለቤተሰቡ ይተኛ።»

«የሞተ ሰው ቃል እኮ ነው…»

«በቁም ያለሁት እኔ ነኝ! ሂድ!»

ሄደ። አካፋው ከድንጋይ ጋር ሲጋጭ ከሩቅ ይሰማ ጀመር። ማሬት የመቀበሪያ ሸሚዙን ልታወጣ የባሏን የባሕር ሣጥን ከፈተች። እሱ በሕይወት ሳለ ማንም አይነካውም ነበር። የድሮ መረብ፣ ቢላዋ፣ የሠርጉ ኮፍያ። ሸሚዙ ከሥር ነበር፤ ሳበችው።

ከውስጡ በባሕር ጨው ደርቆ እንደ ቅርፊት የጠነከረ አንድ የግራ እጅ ጓንት ወደቀ፤ አውራ ጣቱ ቀይ።