ከዜሮ በታች

መምህሩ የሰባተኛ ክፍል ተማሪዎቹን ሲንቅ ለከት አልነበረውም። የሒሳቡን ያለእኩልነት ባስተማራቸው ቁጥር ለአህያ ማር የሚያቀርብ ይመስለው ነበር።

“ከኑሯችሁ ምሳሌ ካልተሰጣችሁ አይገባችሁም ተብሏል” አለ ሰሌዳው ላይ እየጻፈ። “ክፍላችን ቢበዛ ሃምሳ ተማሪ ይይዛል። ከልኩ ሳያልፍ ስንት ተማሪ ልንጨምርበት እንችላለን?”

ምሳሌውን የወሰደበት መጽሐፍ ላይ ያለው ክፍል አርባ ሁለት ተማሪ ስላለው፣ መልሱ ቢበዛ ስምንት ነው። የራሱን ተማሪዎች ግን ቆጥሮ አያውቅም፤ ለእነዚህ ሲል ምን አደከመው!

ከኋላ እማዋይሽ የምትባለው ልጅ እጇን አወጣች። “ኔጌቲቭ ሠላሳ፣ ቲቸር።”

መምህሩ ከትከት ብሎ ሳቀ። “እሰይ የኔ ሊቅ! አባትሽ ገበያ ወጥቶ ኔጌቲቭ ሁለት በግ እየነዳ ይገባል?” ክፍሉም አብሮት ሳቀ።

“ቆጥሬ ነው፣ ቲቸር። ሰማንያ ነን።”

“ብትሆኑስ? ይኸን ሁሉ ዘመን ሳስተምር ከዜሮ በታች የሆነ ሰው አላየሁም። አንቺ ካየሽ እስቲ አሳዪኝ! የታሉ?”

እማዋይሽ ወንበር ስላልደረሳት ከቤቷ ተሸክማ ካመጣችው ድንጋይ ላይ ብድግ ብላ የቀሚሷን አቧራ አራገፈች። ቀጥሎ አጠገቧ መሬት ላይ የተቀመጠው ልጅ ተነሣ። ከዚያ በግድግዳው ዙሪያ፣ በመስኮቱ ሥርና በበሩ ጥግ ተኮራምተው የነበሩት ሁሉ አንድ በአንድ እየተነሡ ቆሙ።

“እኛ ነን፣ ቲቸር” አለች።