የውሸቱ ለቅሶ ድንኳን

«እትዬ፣ ይነሱልን… ድንኳኑን ልናፈርስ ነው።»

ሴትየዋ አልተነሱም።

የወጋየሁ ሥራ ለፊልም የሚያስፈልገውን ቤት፣ ግቢና ዕቃ አስመስሎ ማሰናዳት ነበር።

በደርግ ዘመን ነው… ሀና ማርያም፣ በአቶ ለሜሳ ማሳ ዳር፣ ለአንድ ፊልም የለቅሶ ድንኳን ተከለ።

ከእውነተኛው ለቅሶ ቤት ምንም አልጎደለውም። የሰፈሩ ሰው «ደግሞ ማን ሞተ?» እያለ ነጠላውን አዘቅዝቆ መጣ።

ማንም አልሞተም፣ ፊልም ነው ተባሉ።

«ታዲያ ንፍሮውም የውሸት ነው?» አሉ አቶ ለሜሳ።

ሰዉ ስቆ ተበተነ…

እኚህ ሴት ግን ቀሩ።

ጥግ ይዘው ተቀመጡ። ካሜራው ሲሠራ አለቀሱ። ካሜራው ሲቆምም አለቀሱ…

ለወጋየሁ ከአልቃሾቹ ተዋንያን አንዷ መሰሉት። እንዲያውም በልቡ አደነቃቸው።

አሁን ቀረጻው አልቋል። ድንኳኑን የሚጭነው ካሚዮን ሞተሩን አስነስቶ ይጠብቃል።

«እስኪመሽ ቢቆይ ምናለበት፣ ልጄ?»

«የመንግሥት ንብረት ነው፣ እትዬ። አልችልም።»

ዓይናቸውን ጠረጉ። መርቀውት ሄዱ።

ድንኳኑ ተጠቅልሎ ከተጫነ በኋላ አቶ ለሜሳ ወጋየሁን ወደ ጎን ሳብ አድርገው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ነገሩት…

ሴትየዋ ወይዘሮ ገበያነሽ ይባላሉ። ልጃቸው ኢታና በቀይ ሽብር ተገድሏል። ድንኳን እንዳይተክሉ፣ ድምፅ አውጥተው እንዳያለቅሱ ተከልክለዋል። ጎረቤት እንኳ «እግዜር ያጥናሽ» ያላቸው በሹክሹክታ ነው።

ወጋየሁ እየሮጠ ደጃቸው ደረሰ።

«እናቴ… አላወቅሁም ነበር። ድንኳኑን አሁኑኑ አስመልሼ እዚሁ ግቢዎ ውስጥ እተክልልዎታለሁ።»

ወይዘሮ ገበያነሽ ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ተወው ልጄ። ፊልም መሆኑን መች አጣሁት? ፊልም ስለሆነ እኮ ነው የመጣሁት… እዚያ ለማን ታለቅሻለሽ ብሎ የሚጠይቀኝ አልነበረም። እዚህ ከተከልከው ግን የእኔ ለቅሶ መሆኑን ያውቁብኛል።»

ወጋየሁ ወደ ካሚዮኑ ተመለሰ።

ሲለምኑት ካሚዮኑን እስኪመሽ ማቆየት ይችል ነበር። የሚቆጣጠረው ሰው አልነበረም… ቸኩሎ ብቻ ነው።

ከዚያ በኋላ ስንት ቤት፣ ስንት መንደር አስመስሎ ሠራ። ያቺን አንድ ምሽት ግን መልሶ ሊሠራት አልቻለም። ጸጸቱን ይዞ ወደ መቃብሩ ወረደ።

ወዳጆቼ…

ሰው የሚለምነን ነገር ትንሽ ሲመስለን እንቢ ማለት ይቀለናል። ለእሱ ምን ያህል ትልቅ እንደሆነ ለማወቅ ግን አንዲት ጥያቄ ትበቃ ነበር።

እናንተስ… «ምን ሆነው ነው?» ሳትሉ የሸኛችሁት፣ ዛሬ ቢመለስ የምትሉት ሰው አለ? ስሙን ባትጠሩትም ታሪኩን ጻፉልን…