እፍ የማይባለው ሻማ

ተንከባካቢያቸው ሻማውን እፍ ልትል ጎንበስ ስትል፣ ሽማግሌው መዳፋቸውን በአፏና በእሳቱ መካከል አስገቡ። “በትንፋሽ አይሆንም፣ ልጄ” አሉ፣ የፋርስ ቅላጼ ባልለቀቀው ስዊድንኛቸው። “እኛ ዞሮአስትራውያን የጸለይንበትን እሳት አናጠፋም። ራሱ እስኪጨርስ እንጠብቃለን።”

ከነጋ የረገጠችው ሰባተኛ ቤት ነበር። አልጋቸውን አንጥፋ፣ መድኃኒታቸውን ሰጥታ፣ የጸሎት መቀነታቸውን ወገባቸው ላይ ሦስት ጊዜ አዙረው እስኪቋጥሩ ድረስ ካፖርቷን እንደለበሰች ቆማ ጠብቃለች። የምትሠራበት የአረጋውያን የቤት ለቤት እንክብካቤ፣ የሄምሼንስት፣ ደንብ ደግሞ የሚነድ ነገር ትቶ መውጣትን ይከለክላል። እዚያው ኖርስቦሪ ሰፈር ውስጥ ገና ሁለት አረጋውያን ይጠብቋታል። እሷም ብትሆን ቤተ ክርስቲያን ጧፍ ይዛ የምትቆም ሰው ናት፤ በሌላ ቀን ቢሆን ነገሩ ይገባት ነበር። ዛሬ ግን ለመረዳትም አቅም አጥታለች። “እሺ፣ ይጨርሳ!” አለች ምርር ብሏት። ወንበር ስባ ተቀመጠችና ከጥፍር የማይበልጠው ሻማ ላይ አፈጠጠች።

ቀና ስትል እሳቱ የለም። ሳህኑ ላይ የረጋ ሰም ብቻ ቀርቷል፤ መስኮቱም እንደ ስዊድን የብርድ ወራት ገና ከቀኑ በዘጠኝ ሰዓት ጨልሟል። “አንቀላፋሁ እንዴ?” ብላ ደንግጣ ተነሳች።

“ስምንት ደቂቃ ብቻ” አሉ ሽማግሌው። ከመሳቢያቸው ያልተነካ ሻማ አውጥተው ሳህኑ አጠገብ አስቀምጠዋል፤ ክንድ ያህላል።

“ነገ እኔን መጨረሻ ላይ አድርጊኝ” አሏት። “ረጅሙን አበራለሁ።”