የናውያክ የሥጋ ጉድጓድ

የወይንእሸት ካሜራ ከምስሉ ጋር ብርዱንም ይቀርጻል። ፊልሙን የከፈተ ሰው የዋልታው ቁር ቤቱ ድረስ ይመጣለታል። ከየት ተቀንሶ እንደሚመጣ ግን ጠይቃ አታውቅም። የመጀመሪያውን ቅጂ ባለፈው ሳምንት ድሬዳዋ ላሉት እናቷ ልካለች።

ለቀረጻ በሄደችበት የዋልታ መንደር ያስጠጓት አሮጊት፣ እማማ ናውያክ፣ ዛሬ በረዶው ውስጥ ከተቆፈረው ጉድጓድ የአጋዘን ሥጋ አወጡና እንደ ወጋቸው የመጀመሪያውን ቁራጭ ለእንግዳቸው ሰጡ። በመጣች ሰሞን ጥርሷን ሊሰብር ምንም ያልቀረው ሥጋ ዛሬ አፏ ውስጥ ለሰለሰ።

«እሰይ እማማ! ዛሬ ገና ጣመኝ» አለች። «እኛም አገር ቁርጥ የሚወደደው እንዲህ ሲለሰልስ ነው።»

አሮጊቷ ቢላዋቸውን አስቀመጡ።

«ልጄ፣ እኛ ዘንድ ሥጋ ሲቆረጥ እንደ እንጨት ካልጮኸ አይበላም። ይህን ጉድጓድ የቆፈረው የአያቴ አያት ነው። አንድም ቀን እንዲህ አድርጎን አያውቅም።»

ወይንእሸት ነገሩ ከንክኗት ባትሪ ይዛ ወደ ጉድጓዱ ወረደች። ጣሪያው ጠብ ጠብ ይላል። መዳፏን ዘርግታ ጠብታውን ስትቀበል ስልኳ ጠራ። እናቷ ናቸው።

«ተባረኪ የኔ ልጅ! በዚህ ሐሩር ጋቢ ደርቤ ፊልምሽን እያየሁ ነው። ጎረቤቱ ሁሉ ተሰብስቦ እየተንቀጠቀጠ ይስቃል። ውይ፣ ፊልሙ አለቀብን!»

ወይንእሸት ወደ ጣሪያው ቀና አለች። ጠብታው ቆሟል።

«ወይኑ፣ ትሰሚኛለሽ?» አሉ እናቷ። «እንደገና ልክፈተው?»