ያልተለቀሰለት ልጅ

«...ማንም አያገኘውም» ያለው ሰው ድምፅ ለየሺአረግ ዛሬም ትዝ ይላታል። ከዚያ በፊት ምን እንዳለ፣ ስም ይጥራ አይጥራ፣ እርግጠኛ አይደለችም። ጉርድ ሾላ፣ ከቆርቆሮው አጥር ወዲያ ሁለት ሰዎች ሲያወሩ ነው የሰማችው፤ አንደኛው በየመሀሉ ይስቅ ነበር። ልጇ ማስረሻ ለታክሲ ረዳትነቱ እንደወጣ ከቀረ ሦስተኛ ቀኑ ነበር። ይኸው ዘጠኝ ዓመት።

ያ ሳቅ ዛሬ ከፊቷ ተቀምጧል፤ ቦሌ መድኃኔዓለም ጀርባ፣ አዲስ የፊልም ስቱዲዮ ውስጥ፣ ማዳመጫ አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ።

«ሻይ ይጠጡ እንጂ ማዘር!» ማስረሻ የሚሠራበት የታክሲ ተራ አለቃ ሳለ ካቦ ይሉት ነበር፤ ፕሮዲውሰር ከሆነ በኋላም ስሙ አልለቀቀውም። «ዱላ ድሮ ቀረ። አሁን በአርት ነው የምንመታው።»

ሠራተኞቹ እየተያዩ ሳቁ።

የሺአረግ አልቃሽ ናት። እስከ ጎሮ ድረስ ሰው ሲሞት እሷ ትጠራለች፤ ዛሬ ደግሞ ለፊልም እንድታለቅስ ተጠርታለች። ለገዛ ልጇ ግን አላለቀሰችም፤ ድንኳን አልጣለችም፤ ፍትሐት አላስፈታችም። ዕድርተኛው «አልቅሺና ይውጣልሽ» ሲላት፣ «ሬሳውን ሳላይ? በሕይወት ላለ ሰው ሙሾ አይወጣም» ብላ መለሰችለት።

«እናትየው የልጇን ሬሳ አላገኘችም» ብላ አስረዳቻት ዳይሬክተሯ ማኅደር። «ልብሱን አልጋ ላይ ዘርግታ ታለቅሳለች። በቃ፣ ሲኑ ይሄ ነው እትዬ የሺ።»

«የሞተው ማን ይባላል?»

«ማስረሻ» አለ ካቦ።

ማኅደር ወረቀቷን አገላበጠች። «እዚህ ላይ እኮ ሌላ ስም ነው...»

«ተቀይሯል። አንቺ ካሜራሽን አስተካክይ።»

ወንበሩን ወደ የሺአረግ ሳብ አድርጎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ምላሱ ረዘመብኝ ማዘር፤ ምን ላድርግ? የተቀበረበት ያኔ ሜዳ ነበር። በሚቀጥለው ሳምንት ኤክስካቫተር ይገባበታል፤ ከዚያ ወዲያ እኔም አላገኘውም። ያልቅሱልኝና ዛሬውኑ አሳይዎታለሁ። አንሥተው ለቤተ ክርስቲያን ያብቁት።»

«ብናገርብህስ?»

«የት ብለው ያስቆፍራሉ?» ሳቀ። «ለማስመሰልማ ተዋናይ ሞልቶኛል። እኔ የምፈልገው ያላለቀሱትን ነው።»

የሺአረግ አማተበች። አልጋው ላይ የተዘረጋው ሸሚዝ አዲስ ነው፤ የሱቁ ወረቀት እንኳ ከአንገትጌው አልተነቀለም። አጠገቡ ተንበረከከች።

ከዚያ በስሙ ጠራችው።

ዘጠኝ ዓመት ያፈነችው ሁሉ ወጣ። ደረቷን እየደቃች አረማመዱን ጠራች፤ አሳሳቁን ጠራች፤ ታክሲው በር ላይ ተንጠልጥሎ ሲጣራ የሚሰነጠቀውን ድምፁን ጠራች። ካሜራ የያዘው ሰው ፊቱን አዞረ። ካቦ ማዳመጫውን በሁለት እጁ ጆሮው ላይ ጫን አድርጎ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ራሱን ይነቀንቅ ነበር።

ስትጨርስ ማኅደር እንባዋን በእጅጌዋ ጠረገች።

«ይቅርታ እትዬ የሺ... መሀል ላይ አውሮፕላን አለፈ። ድምፁ ተበላሽቷል።»

«እንደገና» አለ ካቦ። «ከስሙ ይጀምሩ።»

የሺአረግ ድምፅዋ ተዘግቷል። «ከዚያ ትወስደኛለህ?»

«እንደ አወጣጥዎ ነው ማዘር።»

ከውጭ ሌላ አውሮፕላን ሲያጓራ ተሰማ። የሺአረግ የተጨማደደውን ሸሚዝ በመዳፏ ዳበሰች፤ እጅጌውን እንደነበረ ዘረጋችው።

«እሺ» አለች። «ይሄኛው አውሮፕላን ይለፍ።»